ስለ ሞት ፍርሃትና ስለ ሕይወት ዓላማ

ርኅሩኅና አዛኝ በሆነው በአላህ ስም እንጀምራለን።

ምስጋና ሁሉ ሞትንና ሕይወትን ለፈጠረው፥ ባሮቹንም በመጨረሻ ወደ ራሱ ለሚመልሰው ለአላህ ይሁን። ሶላትና ሰላም በነቢያችን በሙሐመድ፥ በቤተ ሰቦቻቸውና በባልደረቦቻቸው ሁሉ ላይ ይውረድ።

ከዚህ በኋላ፥ ወንድሞችና እኅቶች ሆይ! የዛሬው ትምህርታችን ሰው ሁሉ በልቡ ስለሚያውቀው፥ በአንደበቱ ግን ሊያነሣው ስለማይወደው ነገር ነው፤ ይኸውም የሞት ፍርሃት ነው። ስለ ሞት ራሱ ብዙ ኹጥባ ተደርጓል፥ ብዙም ተጽፏል። እኛ በዚህ ትምህርት የምንመረምረው ግን ፍርሃቱ በሰው ልቡና ውስጥ የሚሠራውን ሥራ ነው። ይህ ፍርሃት ሰውን ወዴት ይነዳዋል? የተፈጠረበትን ዓላማ ያስረሳዋልን? ወይስ ዓላማውን እንዲፈልግ ያነቃዋል?

1. ሞትን መፍራት ከተፈጥሮ መሆኑ

አንዳንድ ሰዎች ሞትን የሚፈራ ሰው እምነቱ ጐደሎ ነው ይላሉ። ይህ ስሕተት ነው። የአላህ መልክተኛ (ሰ.ዐ.ወ.) አላህን መገናኘት የሚወድን ሰው አላህም መገናኘቱን እንደሚወድለት፥ የሚጠላውን ደግሞ እንደሚጠላበት ባስተማሩ ጊዜ፥ የምእመናን እናት ዓኢሻ (ረ.ዐ.) ነገሩ ከበዳቸው፤ እኛ ሁላችን ሞትን የምንጠላ አይደለንምን ሲሉም ጠየቁ። መልክተኛውም ሞትን መጥላት ሌላ፥ አላህን መገናኘት መጥላት ሌላ መሆኑን ገለጡላቸው። አማኝ ሰው ነፍሱ ልትወጣ በቀረበች ጊዜ የጌታው እዝነት ሲበሠርለት፥ ከፊቱ ካለው ነገር የበለጠ የሚወደው እንደማይኖር አስረዱአቸው።

አስተውሉ፤ መልክተኛው ዓኢሻን ስለ ፍርሃታቸው አልገሠጿቸውም። የፍርሃቱን ቦታ አሳዩአቸው እንጂ። ደግሞም ማንም ሰው ችግር ስለ ደረሰበት ሞትን እንዳይመኝ ከልክለዋል። ሕይወት ከአላህ የተሰጠ አደራ ስለ ሆነ፥ አደራውን የሚጠብቅ ሰው ከአደራው ባለቤት ጋራ አልተጣላም።

ይህ ፍርሃት በሰው ባሕርይ ውስጥ ባይኖር ኖሮ ሕፃን ከገደል አፋፍ አይመለስም፥ በሽተኛ መድኀኒት አይፈልግም፥ ገበሬም ለክፉ ቀን እህል አያኖርም ነበር። እንስሳም ቢሆን ከሚበላው አውሬ ይሸሻል፤ ነገር ግን አደጋው ሲያልፍ ፍርሃቱም አብሮ ያልፍለታል። ሰው ግን በጤናው ቀን፥ በቤቱ ተቀምጦ፥ ከልጆቹ ጋራ እየበላ ሳለ እንደሚሞት ያውቃል። ይህ ዕውቀት ከባድ ሸክም ነው፤ ሸክሙም ያለ ምክንያት አልተጫነም። በሱረቱል ሙልክ በ2ኛው አንቀጽ፥ አላህ ሞትንና ሕይወትን የፈጠረው ከሰዎች መካከል ሥራው ያማረው ማን እንደ ሆነ ሊፈትን መሆኑ ተነግሯል። ከሙፈሲሮችም አንዳንዶቹ ሞት ከሕይወት ቀድሞ የተጠራበትን ምክንያት ሲመረምሩ፥ ሞቱን ከዓይኑ ፊት ያደረገ ሰው ለመልካም ሥራ ይበልጥ ስለሚነሣሣ ነው ብለዋል።

2. ፍርሃቱ መልኩን ለውጦ መምጣቱ

ፍርሃቱ ከተፈጥሮ ከሆነ፥ ጕዳቱ ከወዴት ይመጣል? ጕዳቱ የሚመጣው ሰው ፍርሃቱን ሲደብቀው ነው። የተደበቀ ፍርሃት አይጠፋም፤ ሌላ ልብስ ለብሶ ይመለሳል። ሰውዬውም ፍርሃት መሆኑን ስለማያውቀው ይታዘዝለታል።

በሱረቱ ጣሃ በ120ኛው አንቀጽ ሰይጣን አባታችንን አደምን በምን እንዳታለላቸው እናነባለን። ያታለላቸው የፍሬውን ጣዕም እያመሰገነ አልነበረም፤ ዛፉ የዘላለማዊነት ዛፍ እንደ ሆነና የማያልቅ ንግሥና እንደሚያገኙበት ነግሮ ነው እንጂ። እንግዲህ በሰው ልጅ ላይ የተሰነዘረው የመጀመሪያው ተንኰል የገባው አለመሞትን በመመኘት በር ነው። ጠላታችንም ይህን በር እስከ ዛሬ ድረስ አልተወውም።

በዚህ በር የሚገባው አንደኛው ነገር የገንዘብ ፍቅር ነው። ነቢዩ ሁድ (ዐ.ሰ.) የዓድን ሕዝብ ለዘላለም የሚኖሩ ይመስል ታላላቅ ሕንጻ በማነጻቸው እንደ ወቀሱ በሱረቱ ሹዐራእ ተነግሯል። በሱረቱል ሁመዛም ገንዘቡን እየሰበሰበ የሚቈጥር ሰው ገንዘቡ ዘላለም የሚያኖረው እንደሚመስለው ተገልጧል። እስቲ ይህን ነገር በጥልቅ እንመልከት። ያን ሰው ቀርበን፥ ትሞታለህ ወይስ አትሞትም ብንለው፥ እሞታለሁ ብሎ ይመልስልናል። አእምሮው ያውቃልና። ልቡ ግን በስውር፥ ይህ ሁሉ ሀብት እያለኝ ምን እሆናለሁ ይለዋል። ስለዚህ ለአንድ ዕድሜ የሚበቃውን ካገኘ በኋላም ማከማቸቱን አይተውም፤ የሚሸሸው ከራብ አይደለምና።

ሁለተኛው የስም ፍቅር ነው። ሰው ሥጋው እንደሚበሰብስ ባወቀ ጊዜ ቢያንስ ስሙ እንዲቀር ይመኛል። ስለዚህ መስጊድ ሲሠራ እንኳ ስሙ በበሩ ላይ ካልተጻፈ ያዝናል፤ ልጁንም ለአላህ ባሪያ እንዲሆን ሳይሆን የእርሱ ጥላ እንዲሆን ያሳድገዋል።

ሦስተኛው ጭካኔ ነው። ይህን በዘመናችን የሥነ ልቡና ተመራማሪዎችም አንሥተውታል። ኧርነስት ቤከር የተባለ አሜሪካዊ ሊቅ በ1973 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ፥ ሰው ክብርንና ዝናን የሚገነባው ብዙውን ጊዜ ሞቱን ላለማየት መሆኑን ጻፈ፤ እርሱም በተከታዩ ዓመት በ49 ዓመቱ በካንሰር በሽታ ሞተ። የእርሱን ሐሳብ የተከተሉ ተመራማሪዎች በ1989 እ.ኤ.አ. ባሳተሙት ጥናት፥ 22 አሜሪካውያን ዳኞች በሴተኛ አዳሪነት ለተከሰሰች አንዲት ሴት የዋስትና ገንዘብ እንዲወስኑ ጠየቁ። ከዳኞቹ ገሚሶቹ አስቀድመው ስለ ገዛ ሞታቸው እንዲያስቡ ተደርገው ነበር። ሞታቸውን ያላሰቡት በአማካይ 50 ዶላር ሲወስኑ፥ ያሰቡት ግን 455 ዶላር ወሰኑ። በኋላ ዘመን ብዙ ተመራማሪዎች ተባብረው እንዲህ ያለውን ፈተና በደገሙት ጊዜ ተመሳሳይ ውጤት ስላላገኙ ነገሩ እስከ ዛሬ ያከራክራል። ስለዚህ እምነታችንን በእንዲህ ያለ ጥናት ላይ አናቆምም። ሆኖም ሰው ራሱን በቅንነት ቢመረምር፥ የደነገጠ ልብ ከእርሱ በሚደክም ሰው ላይ ለመፍረድ እንደሚቸኵል አያጣውም።

ይህን ሁሉ በሌሎች ሰዎች ላይ ብቻ አንፈልገው። የጀናዛ ሶላት ሰግደን፥ ወንድማችንን አፈር አልብሰን ስንመለስ፥ አፈሩ ከእጃችን ገና ሳይራገፍ ስለ ሸቀጥ ዋጋና ስለ መሬት ክርክር የምንነጋገረው ለምንድር ነው? ልባችን ስለ ደነደነ ብቻ አይደለም። ደንግጠንም ነው። ከመቃብር አፋፍ የተመለሰ ሰው በእጁ የሚጨብጠው ነገር ይፈልጋልና፥ አጠገቡ ያገኘውን ሁሉ ይጨብጣል።

3. ታላላቆችም በሞት ፊት መደንገጣቸው

ይህ ድንጋጤ የደካሞች ብቻ አይደለም። በ11ኛው ዓመተ ሂጅራ (በ632 እ.ኤ.አ.) በረቢዐል አወል ወር የአላህ መልክተኛ (ሰ.ዐ.ወ.) በመዲና ባረፉ ጊዜ የሆነውን እናስታውስ። በጀግንነታቸው የታወቁት ዑመር (ረ.ዐ.) ሞታቸውን ሊቀበሉ አልቻሉም። ነቢዩ ሙሳ ወደ ጌታቸው ሄደው ከ40 ሌሊት በኋላ እንደ ተመለሱ፥ መልክተኛውም እንዲሁ ይመለሳሉ ይሉ ነበር፤ ሞተዋል የሚሉትንም ያስፈራሩ ነበር። ዑመር ስለ ሞት የወረደውን ቃል የማያውቁ ሆነው አይደለም። ፍቅርና ድንጋጤ በአንድነት ሲመጡ የታወቀውን ነገር እንኳ ስለሚሰውሩ ነው።

ያን ጊዜ አቡበክር (ረ.ዐ.) መጡ። ገብተው የመልክተኛውን ፊት ገለጡ፥ ሳሙአቸውም፥ አለቀሱም። ከዚያ ወደ ሕዝቡ ወጥተው ሙሐመድን ያመልክ የነበረ ቢኖር ሙሐመድ እንደ ሞቱ፥ አላህን የሚያመልክ ግን አላህ ሕያው እንደ ሆነና እንደማይሞት አስታወቁ፤ ከሱረቱ ኣሊ ዒምራንም 144ኛውን አንቀጽ አነበቡ። ዑመርም ይህን በሰሙ ጊዜ እግራቸው ከዳቸውና መሬት ላይ ወደቁ፤ መልክተኛው በእውነት እንደ ሞቱ ዐወቁ።

ከዚህ የምንማረው ምንድር ነው? አቡበክር ያላለቀሱ፥ ያልፈሩም ሰው አልነበሩም። ልዩነቱ ሟቹን አስቀድመው ፊት ለፊት ማየታቸው ነው። ፊቱን ገለጡ፥ አለቀሱ፥ ከዚያ በኋላ ለሰዎች የሚቆሙበትን መሬት አሳዩ። ሞትን ያላየ ዓይን ለሌላው መጽናኛ ሊሆን አይችልም።

4. ፍርሃት አንደበታቸውን የያዘው ኢማም

ፍርሃቱ የአንድን ሰው ሕይወት እንዴት እንደሚለውጥ ከሚያስረዱን ሰዎች አንዱ ኢማም አቡ ሓሚድ አልገዛሊ ናቸው። በ450 ዓመተ ሂጅራ በኹራሳን ምድር በጡስ ተወለዱ። በ484 (በ1091 እ.ኤ.አ.)፥ በ34 ዓመታቸው፥ በባግዳድ የኒዛሚያ መድረሳ መምህር ሆነው ተሾሙ። ከ300 የሚበልጡ ተማሪዎች ከፊታቸው ይቀመጡ ነበር። በተሾሙ በዓመቱ፥ የሾሟቸው ታላቁ ሚኒስትር ኒዛም አልሙልክ በነፍሰ ገዳይ እጅ ተገደሉ፤ ጥቂት ቆይተውም ሱልጣን መሊክ ሻህ ሞቱ። የዚያ ሁሉ ሥልጣን ዕድሜ ምን ያህል እንደ ሆነ በባግዳድ ያለ ሰው ሁሉ አየ።

ኢማሙ አልሙንቂዝ ሚነድደላል በተባለው መጽሐፋቸው እንደ ተረኩት፥ በ488 (በ1095 እ.ኤ.አ.) በረጀብ ወር ነፍሳቸውን ቢመረምሯት፥ የማስተማራቸው ምክንያት የአላህ ውዴታ ሳይሆን ክብርና ዝና ሆኖ አገኙት። በሚናድ ገደል አፋፍ ላይ የቆሙ መሰላቸው። ወደ ስድስት ወር ያህል ልባቸው ለሁለት ተከፈለ፤ አንድ ቀን ባግዳድን ሊለቁ ይቆርጣሉ፥ በማግሥቱ ሐሳባቸውን ይለውጣሉ። እምነታቸው የቀረው ዕድሜ ጥቂት መሆኑን፥ ጉዞው ግን ረጅም መሆኑን ያሳስባቸዋል፤ ነፍሳቸው ደግሞ ይህን ሹመት ከለቀቅህ መልሰህ አታገኘውም ትላቸዋለች። በመጨረሻ አንደበታቸው ተያዘ። ለተማሪዎቻቸው አንድ ቃል ሊናገሩ ቢታገሉ እንቢ አላቸው፤ ምግብም አልዋጥ አለ። ሐኪሞችም ነገሩ ከልብ የመነጨ ስለ ሆነ ልብ ካላረፈ መድኀኒት አይገኝለትም ብለው ተስፋ ቈረጡ።

እንግዲህ ልብ በሉ፤ ፍርሃቱ ብቻውን አላዳናቸውም። በሩን አሳያቸው እንጂ አልከፈተላቸውም። በሩ የተከፈተላቸው አቅም እንደሌላቸው ዐውቀው ወደ አላህ በተማጠኑ ጊዜ ነው። ለልጆቻቸው የሚበቃውን አስቀርተው ገንዘባቸውን አከፋፈሉ፤ ወደ ሻም ወጥተውም ሁለት ዓመት ያህል ቆዩ። በደማስቆ መስጊድ ሚናራ ላይ ወጥተው በሩን በራሳቸው ላይ ዘግተው ይውሉ ነበር። ከዚያም ወደ በይተል መቅዲስ ሄዱ፥ ሐጅም አደረጉ። በዚያ የብቸኝነት ዘመን ኢሕያእ ዑሉሚዲን የተባለውን ባለ 40 ክፍል መጽሐፋቸውን ሲጽፉ፥ የመጨረሻውን ክፍል ስለ ሞትና ከሞት በኋላ ስላለው ነገር አደረጉት።

ኢማሙ ማስተማርን እስከ መጨረሻው አልተዉትም። በ499 (በ1106 እ.ኤ.አ.) በኒሻፑር ተመልሰው አስተማሩ። ሰዎች ወደ ቀድሞው ሥራ ተመለሱ ቢሏቸው፥ እርሳቸው ግን አለመመለሳቸውን አስረድተዋል፤ ቀድሞ ክብር የሚገኝበትን ዕውቀት ያስተምሩ ነበር፥ አሁን ክብር የሚተውበትን ዕውቀት ያስተምራሉና። ሥራው ያው ነው፤ የተለወጠው ኒያው ነው። እንግዲህ የሕይወትን ዓላማ ለማግኘት ሰው ሁሉ ሱቁን መዝጋት፥ እርሻውን መተው፥ ከሰው መለየት አይገባውም። የሚሠራውን ለማን እንደሚሠራ ማወቅ ይገባዋል እንጂ።

በ505 (በ1111 እ.ኤ.አ.) በጡስ በሞቱበት ቀን የሆነውን ወንድማቸው አሕመድ እንዲህ አስተላልፈውታል። ጎሕ ሲቀድ ውዱእ አድርገው ሰገዱ፤ ከፈናቸውን አስመጡ፥ ሳሙት፥ በዓይናቸውም ላይ አኖሩት፤ ወደ ንጉሣቸው ለመግባት ታዛዥ መሆናቸውን ተናገሩ፤ ከዚያም ወደ ቂብላ ዞረው ተኙ፥ አረፉም። በ38 ዓመታቸው በፍርሃት የተያዘው አንደበት በሞት ቀን ተፈትቶ ተገኘ።

5. ሦስት ዓይነት ሰዎች

ኢማሙ በዚያ በመጨረሻው ክፍል ሰዎችን ሞትን በሚያስታውሱበት መንገድ በሦስት ይከፍሏቸዋል።

አንደኛው በዓለም ጕዳይ የሰጠመ ሰው ነው። ይህ ሰው ሞትን አያስታውስም፤ ቢያስታውስም ስለሚለየው ሀብቱ ለማዘን ነው። ስለዚህ ማስታወሱ ከአላህ ይበልጥ ያርቀዋል።

ሁለተኛው ተውበት ያደረገ ሰው ነው። ሞትን የሚያስታውሰው ተውበቱ እንዲጸና ነው። ስንቁን ሳያሰናዳ እንዳይወሰድ ስለሚፈራ ሞትን ሊጠላ ይችላል፤ ነገር ግን አላህን መገናኘት የሚጠላ ተብሎ አይቈጠርም። ወዳጁን ለመቀበል ቤቱን እያሰናዳ የዘገየ ሰው ወዳጁን እንደ ጠላ አይባልምና።

ሦስተኛው ጌታውን ያወቀ ሰው ነው። ለእርሱ ሞት የቀጠሮ ቀን ነው፤ ቀጠሮውንም አይረሳም። ኢማሙ ከዚህም በላይ የሆነ አንድ ደረጃ ይጠቅሳሉ፤ ይኸውም ሞትንም ሕይወትንም ለራሱ ሳይመርጥ ነገሩን ሁሉ ለአላህ የሰጠ ሰው ደረጃ ነው።

አንባቢ ሆይ! እኔ ከየትኛው ነኝ ብለህ ስትጠይቅ ራስህን በሁለተኛው መካከል ብታገኘው አትፈር። አብዛኞቻችን የምንድንበት መንገድ ይህ ነው።

6. ፍርሃቱን ወደ ሥራ መመለስ

አሁን በእጃችን ወደሚሠራው እንምጣ። ለዚህ ፍርሃት ሦስት ነገሮች ይጠቅማሉ።

የመጀመሪያው ሞትን በግልጥ ማስታወስ ነው። መልክተኛው (ሰ.ዐ.ወ.) ተድላን የሚያፈርሰውን ሞትን አብዝተን እንድናስታውስ አዘዋል። አንድ ቀንም በመሬት ላይ አራት ማዕዘን ሥለው፥ ከመካከሉ ተነሥቶ ወደ ውጭ የሚያልፍ ረጅም መሥመር አሰመሩ፤ በጐኑም ትናንሽ መሥመሮች አደረጉ። መካከለኛው ሰው መሆኑን፥ ዙሪያው አጀሉ መሆኑን፥ ወደ ውጭ ያለፈው ምኞቱ መሆኑን፥ ትናንሾቹም አንዱ ቢስተው ሌላው የሚነድፈው መከራ መሆናቸውን አስረዱ። የሰው ችግር ሁሉ በዚያ ሥዕል ውስጥ ይታያል፤ ምኞቱ ከአጀሉ ይረዝማልና።

ሁለተኛው የሰውን ሐቅ ማቃለል ነው። ኑዛዜ ሊያደርግበት የሚገባ ነገር ያለው ሙስሊም ኑዛዜውን ሳይጽፍ ሁለት ሌሊት እንዳያድር በሐዲስ ታዟል። ብዙ ሰው ኑዛዜ መጻፍን ሞትን እንደ መጥራት ይቈጥረዋል። ነገር ግን ዕዳህን ከከፈልህ፥ የበደልኸውን ሰው ይቅር በለኝ ካልህ፥ የየቲሙን ገንዘብ ከለየህ፥ ፍርሃትህ ከሸክሙ እኩሌታው እንደ ቀለለው ታያለህ። የሞት ፍርሃት ነው ያልነው ነገር ብዙውን ጊዜ ያልተከፈለ ዕዳ ፍርሃት ነው።

ሦስተኛው ለሌላው የሚተርፍ ሥራ መሥራት ነው። የምጽኣት ቀን ሲደርስ በእጁ ችግኝ የያዘ ሰው ከቻለ እንዲተክለው መልክተኛው መክረዋል። ጥላው ሥር ማን ይቀመጣል? ፍሬውንስ ማን ይበላል? ይህን አልጠየቁም፤ የአማኝ ሥራ ዋጋው ያለው በአላህ ዘንድ ስለ ሆነ ነው። ደግሞም ሰው ሲሞት ከሦስት ነገሮች በቀር ሥራው እንደሚቋረጥ አስተምረዋል፤ ሦስቱም ቀጣይ ምጽዋት፥ የሚጠቅም ዕውቀትና ዱዓ የሚያደርግለት መልካም ልጅ ናቸው። እነሆ፥ የሰው ልብ የሚመኘው መቅረት እዚህ ተሰጠው፤ በሩ ላይ በተጻፈ ስም ሳይሆን በሌላው ሰው ጥቅም አማካይነት።

መደምደሚያ

በመጨረሻ ወደ መዲና እንመለስ። ከመልክተኛው (ሰ.ዐ.ወ.) ዕረፍት በኋላ አቡበክርና ዑመር ኡሙ አይመንን ሊጠይቁ ሄዱ፤ መልክተኛው በሕይወታቸው ይጠይቋቸው ነበርና። ስማቸው በረካ የሆነው እኒህ እናት ሐበሻዊት እንደ ነበሩ ብዙ የታሪክ ጸሓፊዎች መስክረዋል። መልክተኛው በስድስት ዓመታቸው እናታቸው አሚና በአብዋእ በሞቱባቸው ጊዜ የሙት ልጁን ይዘው ወደ መካ የተመለሱት እርሳቸው ነበሩ። እንግዲህ ሞትን በቅርብ ያዩ ሰው ናቸው።

ሁለቱ እንግዶች በገቡ ጊዜ ኡሙ አይመን አለቀሱ። በአላህ ዘንድ ያለው ለመልክተኛው የተሻለ መሆኑን አያውቁምን ቢሏቸው፥ እንደሚያውቁ ነገሯቸው፤ የሚያለቅሱት ከሰማይ ይወርድ የነበረው ወሕይ ስለ ተቋረጠ መሆኑንም ገለጡ። ይህን ሲሰሙ ሁለቱም አብረዋቸው አለቀሱ።

ወንድሞችና እኅቶች ሆይ! እኒህ እናት የሚያስለቅሰውንና የሚያስፈራውን ለይተው አሳዩን። የሚወዱት ሰው ሞቷል፤ ይህን በእምነት ተቀበሉት። ሰው ያለ መሪ ቃል መቅረቱን ግን ሊቀልል የማይገባው ሐዘን አድርገው አዩት። አላህ በሱረቱል ሙእሚኑን በ115ኛው አንቀጽ ሰው በከንቱ እንዳልተፈጠረና ወደርሱ እንደሚመለስ አሳስቦናል። ወሕዩ ተቋርጧል፤ የወረደው ቃል ግን በእጃችን አለ። ዛሬ ማታ መኝታችን ላይ ሆነን ያ የታወቀው ድንጋጤ በልባችን ሲያልፍ አንሽሸው። ተነሥተን ውዱእ እናድርግ፤ ያለብንን ዕዳ እናስታውስ፤ ነገ ልንክሰው የሚገባንን ሰው ስም እንጥራ።

አላህ ሆይ! ፍርሃታችንን ወዳንተ የሚያደርስ መንገድ አድርግልን። ከሥራችን ያማረውን የመጨረሻውን፥ ከቀኖቻችንም ያማረውን አንተን የምንገናኝበትን ቀን አድርግልን። የሞቱብንን እዘንላቸው፤ የቀረነውንም በእውነት ላይ አጽናን። ኣሚን።